ሃያ ሦስት ኦም

ገናዲ ጠመኔውን አንሥቶ ሦስት ፊደል ጻፈና
ዝም አለ። ዝምታው ረዘመና
«ይኸው ነው፤ ሌላው ሽቦ ነው» አለን።
ቂርያት ጋት፣ ማክሰኞ ማታ፣ ከፋብሪካው ጀርባ፤
አሥራ አራት ተማሪ፣ አንድ የተሰበረ ወንበር።

ቮልት ግፊት ነው ይለናል፤ ግፊትስ አውቃለሁ፤
ቀኑን ሙሉ በመጋዘን ጋሪ ስገፋ ውያለሁ።
አምፔር ፍሰት ነው ይለናል፤ እሺ፣ ወንዝ አይቻለሁ።
ኦም የሚሉት ሦስተኛው ግን፣ መንገድ መሀል ቆሞ
የማይሄድ፣ የማያስኬድ፣ ሥራው ብቻ ተቃውሞ፣
እሱን ማን ጠራው?
ደብተሬ ላይ በአማርኛ «እንቢታ» ብዬ ጻፍሁት፤
ባይገባኝም ከሥሩ ሁለት ጊዜ አሰመርሁበት።

ዓርብ መጣ። ዝናብ። ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት።
ወይዘሮ አንጓች ከሦስተኛ ፎቅ ደረጃውን ሞሉት በጩኸት፤
«ይርዳው! መብራቱ ሄደ! ሰንበት ሊገባ ነው፤
ያ የምትማረው ትምህርት ታዲያ ለመቼ ነው?»

ሳጥኑን ከፈትሁ። ማብሪያው ወድቋል። አነሣሁት።
ሩብ ሰዓት ታገሠን፣ ከዚያ ቀጭ! አለ።
«ማነው የረገመኝ? የታችኞቹ ይሆኑ?»
«ማንም አልረገመዎትም፤ እስኪ ቁጥሩን እንየው።»

ጣራው ላይ ዱዱ ተጋድሟል፣ ፀሐይ የለም፣ ደመና ነው፤
ውኃውን የሚያሞቀው በሆዱ ያለው ጥምዝ ብረት ነው።
ለካሁት፤ ሃያ ሦስት ኦም።
ከግድግዳው የሚመጣው ግፊት ሁለት መቶ ሠላሳ።
ሁለት መቶ ሠላሳ ለሃያ ሦስት
አሥር።
እጄ በዝናብ ርሶ፣ መለኪያውን እንደያዝሁ፣
የገናዲ ሦስት ፊደል ነፍስ ሲዘራ አየሁ።

ዱዱ አሥር። የክፍሉ ማሞቂያ አሥር።
የሰንበቱ ፕላታ አምስት። የሻይ ውኃው ሦስት።
ሃያ ስምንት!
ዋናው ማብሪያ የሚችለው ሃያ አምስት።

እኔ እኮ እንቢ ባይ ሲበዛ እንቢታው የሚበዛ መስሎኝ ነበር።
ተከታትለው ቢሰለፉ እውነት ነው፤ ጎን ለጎን ሲቆሙ ግን
እያንዳንዱ እንቢ ባይ ሌላ በር ነው።
በኩፓት ሖሊም አንዲት መስኮት ስትኖር ሰልፉ ደጅ ይደርሳል፤
ሁለተኛዋ ስትከፈት፣ ጸሐፊዋ የፊተኛዋን ያህል ብታንቀላፋም
ሰልፉ በእጥፍ ይሄዳል።

ማብሪያው ሲወድቅ ደግሞ ግፊቱ አልሞተም፤
መለኪያዬ ሁለት መቶ ሠላሳ ይላል፣ ፍሰቱ ባዶ።
ይህን አውቀዋለሁ።
ጎንደር፣ ከቆርቆሮው ግቢ፣ ዘጠኝ ዓመት ቁጭ ስንል
ስም ዝርዝሩ ላይ ስማችን ሲፈለግ፣
ግፊታችን ሙሉ ነበር። አምፔራችን ዜሮ።
(ይህን ለገናዲ አልነገርሁትም።)

«ዱዱን አሁን ያብሩት፣ ይታጠቡ፣ አሥር ሰዓት ላይ ያጥፉት፤
ማሞቂያውን ከዚያ ያብሩ፤ እስከ ነገ ማታ አይንኩት።»
ወይዘሮ አንጓች አሰቡና
«ያ እንቢ ባዩ ጭራሽ ባይኖርስ?»
«ሽቦው ይነዳል። ቤቱም አብሮት።
ሙቀቱም የሚወጣው እንቢ ከሚለው ነው።»

ሳቁ፤ ነጠላቸውን እስኪጥሉ።
«አዪዪ! የእኔው ሰውዬ፣ ነፍሱን ይማረውና፣
ስሙ ቢተው፣ እሱ ግን የማይተው!
አርባ ዓመት እንቢ ሲለኝ፣ ለካስ
ቤቴ እንዳይነድ ኖሯል!»

ሻማቸውን ለኩሰው በሩን ገርበብ አደረጉት።
ደረጃው ጨለማ ነው፤ ግድግዳውን ዳስሼ ወረድሁ።
ከመዳፌ ሥር፣ ከልስኑ ውስጥ፣ አሥራ ስምንት አምፔር ይሄዳል፤
ኮቴ የለው፣ ድምፅ የለው።